ለሕፃን የታሰበን የግሪክ ስም ሥርና አጠራር የማጣራት መንገድ

በጎጃም የሚኖር ሰው የግሪክ ስም ለመስማት ባሕር መሻገር አያስፈልገውም። ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ ወደ ደብረ ኤልያስ የሚሄድ መንገደኛ፣ በሞጣ ጊዮርጊስ ደጅ ተሳልሞ የሚያልፍ ነጋዴ፣ በጎንጅ ቴዎድሮስ ቅኔ የሚቆጥር ተማሪ፣ ከባሕር ዳር በጀልባ ተሳፍሮ ወደ ደጋ እስጢፋኖስ የሚሻገር ተሳላሚ፣ ሁሉም እነዚህን ስሞች እንደ ገዛ ቋንቋቸው ቃል ይጠሯቸዋል። አምስቱም ስሞች በ«ስ» ያልቃሉ፤ አምስቱም በግሪክ መጻሕፍት የተለበሰውን መልክ ይዘው ወደ ግእዝ የገቡ ናቸው። ይሁን እንጂ በሥራቸው ግሪክ የሆኑት ጊዮርጊስ፣ ቴዎድሮስና እስጢፋኖስ ብቻ ናቸው። ማርቆስ የሮማውያን፣ ማለትም የላቲን ስም ነው፤ ኤልያስ ደግሞ ዕብራይስጥ ነው።

እኔም በዚህ «ስ» የተታለልሁበት ጊዜ ነበር። ከዓመታት በፊት አንድ ጎረቤቴ ወንድ ልጁን ኤልያስ ሊለው አስቦ የስሙን ምንጭ ቢጠይቀኝ፣ መድረሻውን ብቻ አይቼ «ግሪክ ነው» አልሁት። በአጠገባችን ተቀምጠው የነበሩ አንድ የቅኔ መምህር ይህን ሰምተው፣ «ካባ የደረበውን ሁሉ መሪጌታ ትለዋለህ እንዴ?» አሉኝ። ቀጥለውም ስሙ በዕብራይስጥ «አምላኬ እግዚአብሔር ነው» ከሚለው ቃል የወጣ መሆኑን፣ «ስ» ግን ግሪኮች የወንድ ስም ባለቤት ሆኖ ሲነገር የሚቀጥሉበት መድረሻ መሆኑን አስረዱኝ። የኔታ በዚያች አንድ ጥያቄ ያስተማሩኝ ነገር ለማንኛውም የግሪክ ስም ምርመራ መነሻ ሆኖልኛል። ስሙን የሚመርጥ ወላጅ ሦስት የተለያዩ ጥያቄዎችን ሳያደባልቅ መጠየቅ ይኖርበታል፤ የስሙ ሥር ከየትኛው ቋንቋ ነው፣ በየትኛው መንገድ ወደ እኛ ደረሰ፣ በማንስ አፍ ሊጠራ ነው? አብዛኛው ስሕተት የሚመጣው የአንዱን ጥያቄ መልስ ለሌላው ከመስጠት ነው።

ለዚህ ሥራ የሚሆን ጊዜ አለ። ቤተ ክርስቲያን ወንድን በ40፣ ሴትን በ80 ቀን ታጠምቃለች፤ የክርስትናውን ስም ካህኑ ስለሚሰጥ ወላጅ የሚጨነቀው በመጠሪያው ስም ነው። በአዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረትም ልደት የሚመዘገበው ሕፃኑ በተወለደ በ90 ቀን ውስጥ ነው። ስሙ በመዝገብ ከሰፈረ በኋላ ማረም ብዙ ስለሚያመላልስ፣ ማጣራቱ ከዚያ በፊት ቢያልቅ ይሻላል።

ስሙን በራሱ ፊደል ማግኘት

ወላጆች ስም የሚያገኙት ብዙ ጊዜ በስልክ፣ በላቲን ፊደልና በእንግሊዝኛ አጻጻፍ ነው። ይህ አጻጻፍ ለማጣራት አይበቃም፤ ግሪክኛ ለይቶ የሚጽፋቸውን ፊደሎች አንድ ያደርጋቸዋልና። ኤፕሲሎንና ኤታ በአንድ የላቲን ፊደል ይጻፋሉ፤ ኦሚክሮንና ኦሜጋም እንዲሁ። ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ ስሙን በግሪክ ፊደል፣ ከነምልክቱ ማግኘት ነው። ዊክሽነሪ በተባለው ነፃ የመረብ መዝገበ ቃላት ውስጥ ስሙን በላቲን ፊደል ቢፈልጉት፣ ስለ ቃሉ ምንጭ በሚናገረው ክፍል የግሪክኛው ቅርጽ ተጽፎ ይገኛል። ያንን ቅርጽ ገልብጦ እንደገና መፈለግ ያስፈልጋል፤ ቁም ነገሩ ያለው በዚያ በሁለተኛው ገጽ ላይ ነው።

የግሪክ ፊደል ማንንም ማስፈራራት የለበትም። ሃያ አራት ብቻ ነው፤ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የገባ ሰው ደግሞ አልፋን፣ ቤታን፣ ቴታን፣ ላምዳንና ፓይን በሒሳብና በፊዚክስ ያውቃቸዋል። የእኛው የግእዝ ቁጥርም ከዚሁ ፊደል የተቀዳ ነው። ፩ አልፋ፣ ፪ ቤታ፣ ፫ ጋማ፣ ፬ ዴልታ፣ ፲ ደግሞ ዮታ ነበሩ፤ ግሪኮች በፊደሎቻቸው ይቆጥሩ ነበርና። ስለዚህ ዳዊት የደገመ ሰው የመዝሙሩን ቁጥር ባየ ጊዜ ሁሉ ሳያውቀው የግሪክ ፊደል ሲያነብ ኖሯል።

በፊደሎቹ ላይ የሚገኘውን ትንሽ ጭረት መዘንጋት አይገባም። በዛሬው ግሪክኛ ከአንድ በላይ ክፍለ ቃል ያለው ቃል ሁሉ አንድ እንዲህ ያለ ጭረት አለው፤ ጭረቱም ድምፅ የሚነሣበትን ቦታ ያሳያል። እ.ኤ.አ. ከ1982 በፊት ምልክቶቹ ብዙ ዓይነት ነበሩ፤ ዛሬም በጥንታዊ ጽሑፎች ላይ ይታያሉ። ምልክቶቹ ስለ በዙ ስሙ ሌላ ሆነ ማለት አይደለም።

ሥሩን መፈተሽ

ባለፈው ዓመት የእህቴ ልጅ ሴት ልጅ ወልዳ ከባሕር ዳር ደወለችልኝ። «ጋሼ፣ ሜሊሳ የሚል ስም አገኘሁ፤ በግሪክ የንጉሥ ልጅ ማለት ነው ይላል» አለችኝ። የሕፃናትን ስም የሚዘረዝሩ ገጾች አንዱ የሌላውን ስለሚገለብጥ፣ አሥር ቦታ መገኘቱ አሥር ምስክር ሊሆነው አይችልም። እኔም ስሙን በግሪክ ፊደል ካገኘሁ በኋላ ሁለት ቦታ ፈለግሁት። የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. በ1843 ለመጀመሪያ ጊዜ የታተመው የሊደልና የስኮት የጥንታዊ ግሪክኛ መዝገበ ቃላት ነው። ይህ መጽሐፍ በአሜሪካው ተፍትስ ዩኒቨርሲቲ የፐርሲየስ ገጽ ላይ ያለ ክፍያ ይነበባል፤ ፍቺው በእንግሊዝኛ ስለሆነ እንግሊዝኛ የሚያነብ ወዳጅ ያስፈልግ ይሆናል። በዚያ «ሜሊሳ» ንብ ናት፤ «ሜሊ» ደግሞ ማር ነው። ንጉሥም የንጉሥ ልጅም የለበትም።

ሁለተኛው ኦክስፎርድ ላይ የሚዘጋጀው የግሪክ የሰው ስሞች መዝገብ ነው። ፒተር ፍሬዘር የተባሉ ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1972 የጀመሩት ሲሆን የመጀመሪያው ቅጽ በ1987 ወጥቷል፤ በመረብም ይፈለጋል። ይህ መዝገብ ትርጉም ለመስጠት የተዘጋጀ አይደለም፤ በድንጋይ ጽሑፍ፣ በሳንቲም፣ በመጻሕፍትና በመሳሰለው የተገኘን ስም ይዞ፣ የት አገርና በየትኛው ዘመን ሰው እንደ ተጠራበት ያመለክታል። ጥቅሙም እዚህ ላይ ነው። አንድ ቃል በግሪክኛ ትርጉም አለው ማለት ሰው በዚያ ቃል ይጠራ ነበር ማለት አይደለም፤ በአማርኛም «ጠረጴዛ» ትርጉም አለው፣ ነገር ግን ልጁን ጠረጴዛ የሚል የለም። ሜሊሳ ግን በእርግጥ የሰው ስም ነበር፤ የቆሮንቶስ ገዥ የነበረው የፔሪያንድሮስ ሚስት በዚህ ስም ትታወቃለች። የእህቴ ልጅ ትርጉሙ ንብ መሆኑን ስነግራት ለጊዜው ዝም አለች፤ ትንሽ ቆይታ «የማር አገር ሰው ሆኜ ንብን ልንቅ ነው?» ብላ ሳቀች።

ብዙ የግሪክ ስሞች ከሁለት ቃላት የተጋጠሙ ናቸው፤ ስለዚህ ሁለቱን ለያይቶ እያንዳንዳቸውን በመዝገበ ቃላት መፈለግ ያዋጣል። ቴዎድሮስ «ቴዎስ» ከሚለው አምላክና «ዶሮን» ከሚለው ስጦታ ተሠርቶ የአምላክ ስጦታ ይሆናል። ጢሞቴዎስ ክብርን ከአምላክ ያጋጥማል። ፊልጶስ ፈረስ ወዳድ፣ ኒቆዲሞስ ድልና ሕዝብ፣ አሌክሳንድሮስ ለሰዎች የሚከላከል ነው። ጊዮርጊስ ከ«ጌ»፣ ማለትም ከምድር፣ እና ከ«ኤርጎን»፣ ማለትም ከሥራ ይወጣል፤ ምድርን የሚሠራ፣ በአጭሩ ገበሬ ማለት ነው። በፈረሱና በጦሩ ብቻ ለምናውቀው ሰማዕት የስሙ ፍቺ ጤፍ ከሚዘራው የጎጃም ገበሬ ጋር መገናኘቱ ሁልጊዜ ደስ ይለኛል። አንድ ቃል ብቻ የሆኑም አሉ፤ እስጢፋኖስ አክሊል፣ ጴጥሮስ ዐለት፣ ሶፍያ ጥበብ፣ ኢሪኒ ሰላም፣ ዞኢ ሕይወት ነው።

ወላጅን የሚያሳስቱ ስሞች ብዙ ዓይነት ናቸው። የመጀመሪያዎቹ እንደ ኤልያስ ግሪክ መስለው ከሌላ ቋንቋ የመጡት ናቸው። ቶማስ በአራማይክ መንታ ማለት ነው፤ ማቴዎስ ዕብራይስጥ ነው፤ ጳውሎስ፣ ቆርኔሌዎስ፣ ገላውዴዎስና ቆስጠንጢኖስ ላቲን ናቸው። ሌሎቹ ከግሪክኛ ክፍሎች በኋለኛ ዘመን የተፈበረኩ ናቸው፤ ፓሜላ ለምሳሌ «ሁሉ» እና «ማር» ከሚሉ ቃላት የመጣ ነው ቢባልም፣ ስሙን የፈጠረው በ16ኛው መቶ ዓመት የኖረው እንግሊዛዊው ባለቅኔ ፊሊፕ ሲድኒ ነው። ትርጉማቸው በኋላ የተለጠፈባቸውም አሉ። ቬሮኒካ በላቲን «እውነተኛ ምስል» ማለት ነው እየተባለ ይነገራል፤ ስሙ ግን ድል አምጪ ከሚል ትርጉም ካለው ከመቄዶንያው «ቤሬኒኬ» የመጣ ነው። ስሙ በመምሰል ብቻ የሚያሳስተው ደግሞ «ተክለ» ነው። የጥንቷ ሰማዕት የቴክላ ስም ግሪክኛ ሲሆን፣ በተክለ ሃይማኖት ውስጥ ያለው «ተክለ» ግን ተክል ከሚለው የገዛ ግእዛችን የወጣ ነው። ይህን ለመለየት ወደ ኦክስፎርድ መሄድ አያስፈልግም፤ ግስ ያወቀ የቅኔ ተማሪ በአንድ አፍታ ይፈታዋል። የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ የግእዝ መዝገበ ቃላት፣ በ1948 ዓ.ም. የታተመው፣ ለእንዲህ ያለው ጥያቄ የሚጠቅም ነው። የጥንት ሊቃውንት ግሪክኛን «ጽርእ» ስለሚሉት በግእዝ መጻሕፍት ውስጥ ሲፈልጉ ይህን ቃል መያዝ ይገባል።

አንዳንድ ስሞች ሲፈተሹ ከጥንት አማልክት ጋር ይገናኛሉ። ባሕረ ሐሳብን ለተማረ ሁሉ የከበረው የድሜጥሮስ ስም የእህል አምላክ ትባል ከነበረችው ከዴሜጥር የመጣ ነው፤ ዲዮስቆሮስም «የዜውስ ልጆች» ከሚለው ይወጣል። ሁለቱም በቤተ ክርስቲያን የታወቁ የእስክንድርያ አባቶች ስሞች ናቸው። ስሙን የቀደሰው ሰው ከስሙ ሥር ይበልጣል የሚል ወላጅ አለ፤ ሥሩን ካወቀ በኋላ የሚተወውም አለ። እኔ ለመጀመሪያው አደላለሁ፤ ነገር ግን ምርጫው ከማወቅ በኋላ እንጂ ከማወቅ በፊት መሆን የለበትም። የእሌኒ ስም ሥር ደግሞ በሊቃውንት ዘንድ እስካሁን አከራካሪ ነው፤ «ችቦ» ወይም «ብርሃን» ነው ብሎ በእርግጠኝነት የሚናገር ገጽ ካለ፣ በሌሎቹ ስሞች ላይም ሊታመን አይገባውም።

ስሙ የመጣበት መንገድ

ስሙ በቀጥታ ወደ ግእዝ ገብቶ የኖረ ይሁን፣ ወይስ በቅርቡ በእንግሊዝኛ በኩል የመጣ ይሁን፣ በፊደሎቹ ሊታወቅ ይችላል። የጥንት ተርጓሚዎች ግሪክኛን ሲጽፉ የሚያስደንቅ ሥርዓት ይከተሉ ነበር። ግሪኮች ያለ ትንፋሽ የሚናገሯቸውን ፒን፣ ታውንና ካፓን በጰ፣ በጠና በቀ ጻፏቸው፤ በትንፋሽ የሚነገሩትን ፊን፣ ቴታንና ኪን ደግሞ በፈ፣ በተና በከ ጻፏቸው። ጢሞቴዎስ በሚለው አንድ ስም ውስጥ ሁለቱም ይታያሉ፤ «ጢ» ታው ነው፣ «ቴ» ቴታ ነው። ፊልጶስ ውስጥ «ፊ» እና «ጶ»፣ እስጢፋኖስ ውስጥ «ጢ» እና «ፋ»፣ ጰራቅሊጦስ ውስጥ «ጰ»፣ «ቅ» እና «ጦ» ያው ሕግ ናቸው። በየቤታችን ያለው ጠረጴዛም ከግሪክኛው «ትራፔዛ» በዚሁ መንገድ የገባ ነው። ክርስቶስ በሚለው ውስጥ ታው «ቶ» ሆኖ መገኘቱ ከሕጉ ውጭ ነው፤ ሕጉ ግን በአብዛኛው ይሠራል።

ስለዚህ በቀ፣ በጠና በጰ የተጻፈ ስም ብዙውን ጊዜ የቆየ ነው፤ ካፓን፣ ታውንና ፒን በከ፣ በተና በፐ ይዞ የመጣ ግን አዲስ ነው። ጴጥሮስና ፒተር፣ ቆስጠንጢኖስና ኮንስታንቲን፣ ጊዮርጊስና ጆርጅ አንድ ስም ሆነው መንገዳቸው ይለያያል። እስክንድርም አሌክሳንድሮስ ነው፤ ዐረቦች የመጀመሪያውን «አል» የራሳቸው መስተአምር (እንደ እንግሊዝኛው «ዘ» ከስም ፊት የሚገባ ቃል) መስሏቸው ለይተው ከ«ክስ» ደግሞ «ስክ» ስላደረጉ መልኩ ተለወጠ። ይህ ፈተና ግን መንገዱን እንጂ ሥሩን አይናገርም፤ ቆስጠንጢኖስ ቀንና ጠን ለብሶ እንኳ ሥሩ ላቲን ነው።

ስለ መንገድ ከተነሣ እሌኒን ማለፍ አይቻልም። በጥንቱ ግሪክኛ የስሙ መጀመሪያ ላይ የ«ሀ» ትንፋሽ ነበረ፤ ኤታ የተባለው የመጨረሻው ፊደልም ረጅም «ኤ» ነበር። በክርስትና የመጀመሪያዎቹ መቶ ዓመታት ትንፋሹ ጠፋ፤ ኤታም ቀስ በቀስ «ኢ» ሆነ። ዛሬ በአቴና ስሙ «ኤሌኒ» ነው። በመስቀል በዓል ስሟ የሚነሣው የቆስጠንጢኖስ እናት በግእዝ «እሌኒ» መባሏ እንግዲህ ይህንኑ አነጋገር የጠበቀ ነው። ልብነ ድንግል ሕፃን ሳለ መንግሥቱን ያስተዳደረችው፣ በጎጃም ርስት የነበራትና በመርጡለ ማርያም ያማረውን ቤተ ክርስቲያን ያሳነጸችው ንግሥትም በዚሁ ስም ትጠራለች። «ሄለን» ግን በእንግሊዝኛ በኩል የደረሰን ነው። ልጄን በትክክለኛው የግሪክ አጠራር ልጥራት የሚል አባት «እሌኒ የድሮ ሰው ስም ነው» ብሎ ሄለንን ሲመርጥ፣ ለግሪኩ የሚቀርበውን ትቶ የሚርቀውን ወስዷል።

አጠራሩን በጆሮ መፈተሽ

«ትክክለኛው አጠራር» የሚባል አንድ ነገር የለም፤ የትኛው ዘመን ግሪክኛ ተብሎ መጠየቅ አለበት። ዊክሽነሪ በብዙ የግሪክ ቃላት ሥር አጠራሩን ከክርስቶስ ልደት በፊት ከነበረው የአቴና ንግግር ጀምሮ እስከ 15ኛው መቶ ዓመት የቁስጥንጥንያ ንግግር ድረስ በተርታ ያስቀምጣል። ልጁ ወይም ልጅቱ ዛሬ ከሚኖሩ ግሪኮች ጋር ሲገናኙ እንዲግባቡበት ከሆነ የሚፈለገው የዛሬው አጠራር ነው።

በዛሬው ግሪክኛ ቤታ «ቭ» ነው፤ ስለዚህ የእኛ ባስልዮስ በአቴና «ቫሲሊዮስ» ይባላል። ጋማ ከኤና ከኢ ድምፅ በፊት «የ» ይሆናል፤ ጊዮርጊስ የተባለ ሰው በጎዳና «ዮርጎስ» ተብሎ የሚጠራው ለዚህ ነው። አልፋና ኢፕሲሎን (ከኤፕሲሎን የተለየ ፊደል ነው) ሲጣመሩ «አቭ» ወይም «አፍ» ይሆናሉ፤ ጳውሎስም «ፓቭሎስ» ነው። ኤታ፣ ዮታ፣ ኢፕሲሎን፣ ከዚያም ሌላ ኤፕሲሎንና ኦሚክሮን ከዮታ ጋር ሲጣመሩ ሁሉም «ኢ» ብቻ ናቸው። እንግሊዝኛው «አይሪን» የሚለው የሰላም ስም በግሪኮች አፍ «ኢሪኒ» የሆነው በዚህ የተነሣ ነው። ቴታና ዴልታ ምላስን ከጥርስ መካከል አውጥተው የሚነገሩ ድምፆች ስለሆኑ በፊደላችን የሉም፤ በተና በደ መጻፍ የቆየ ልማድ ነው፣ ሊያሳፍር አይገባም። ኪ የተባለውን ግን የጎጃም ሰው አይቸገርበትም፤ በገጠር «ከ»ን «ኸ» እያለ የሚናገር ጉሮሮ ለዚህ ድምፅ ቅርብ ነው።

ለአማርኛ ተናጋሪ ትልቁ እንቅፋት ማጥበቅ ነው። የግሪክ ስም ሁለት ተመሳሳይ ፊደሎች ጎን ለጎን ሲይዝ እኛ ወዲያው እናጠብቀዋለን፤ በአቴና ግን ሁለት ሲግማም ቢጻፍ ላልቶ ይነገራል። «ሜሊሳ» ሁለት ሲግማ አለው፣ «ሳ» ግን አይጠብቅም። ቆጵሮሶች ግን እንደ እኛ ያጠብቃሉ።

ቀጥሎ ድምፅ የሚነሣበትን ቦታ ማየት ነው። በግእዝ ንባብ ቤት ተነሽ፣ ወዳቂ፣ ሰያፍና ተጣይ ለይቶ የተማረ ሰው ጉዳዩን ቶሎ ይረዳዋል። በግሪክኛ ድምፅ የሚነሣው ከመጨረሻዎቹ ሦስት ክፍለ ቃላት በአንዱ ላይ ብቻ ነው፤ የትኛው እንደ ሆነ ጭረቱ ይናገራል። በሶፍያ «ፊ» ላይ፣ በኤሌኒ «ሌ» ላይ፣ በዞኢ መጨረሻው «ኢ» ላይ ነው። ሜሊሳን እንግሊዞች «ሊ» ላይ ያነሡታል፤ ግሪኮች ግን «ሜ» ላይ። የእህቴ ልጅ ይህን ከሰማች በኋላ ሁለቱንም ደጋግማ ጮኽ ብላ ጠርታ የግሪኮቹን መረጠች፤ ከደጅ ሆኖ ልጅን ለመጥራት እንደሚመች ነገረችኝ። እንዲህ ያለውን ፈተና በመዝገበ ቃላት ማድረግ አይቻልም።

ድምፁን ለመስማት ፎርቮ የተባለው ገጽ ይረዳል፤ ሰዎች ቃላትን በገዛ ድምፃቸው ቀድተው ያስቀምጡበታል፣ የተናጋሪውም አገር አብሮ ይጻፋል። ስሙን በግሪክ ፊደል መፈለግ፣ ከግሪክ ወይም ከቆጵሮስ የሆኑ ሁለት ሦስት ሰዎችን መስማት፣ ከዚያም የሰሙትን በግእዝ ፊደል መጻፍ ያስፈልጋል። የትርጉም መሣሪያዎች የሚያሰሙትን የማሽን ድምፅ መጠቀም ካስፈለገም፣ ቋንቋው ግሪክኛ ተብሎ መመረጡንና ስሙ በግሪክ ፊደል መግባቱን ማረጋገጥ ይገባል፤ በላቲን ፊደል ከተጻፈ ማሽኑ እንደ እንግሊዝኛ ሊያነበው ይችላል።

በሚሰሙበት ጊዜ የስሙ መጨረሻ ቢለዋወጥ መደናገር አይገባም። ግሪኮች ወንድን ሲጠሩ «ስ»ን ይጥላሉ፤ ኒኮስ ሲጠራ «ኒኮ» ነው፣ ፔትሮስም «ፔትሬ»። በተሳቢነት ሲነገር ደግሞ በጥንቱ ግሪክኛ «ን» ይጨመርበት ነበር፤ የሚገርመው የእኛም የተሳቢ ምልክት «ን» መሆኑ ነው። ለሮሜ ሰዎች በተጻፈው መልእክት በ16ኛው ምዕራፍ መጀመሪያ ላይ የተጠቀሰችው ሴት ስሟ በግሪክኛ «ፊቪ»፣ በጥንቱ አነጋገር «ፎይቤ» ነው፤ ብሩህ ማለት ነው። ስሟ በዚያ ቦታ ተሳቢ ሆኖ ስለ ገባ በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ፌቤን» ሆኖ ቀረ፤ ዛሬ ፌቨን ተብሎ የሚወጣው ስም የዚያ «ን» ወራሽ ነው። ስሙ ውብ ነው፣ መለወጥም አያስፈልገውም፤ ነገር ግን በግሪክ መዝገብ ውስጥ ከነ«ን»ው የሚፈልገው ሰው አያገኘውም።

ስሙ በሰፈር ጆሮ

ሥሩና አጠራሩ ከተጣራ በኋላ ስሙ በአማርኛ ምን እንደሚመስል መስማት ይቀራል። ይህን ክፍል የሚዘነጉ ብዙ ናቸው። ቴዎድሮስን የሠሩት ሁለቱ ቃላት ቦታ ቢለዋወጡ «ዶሮቴያ» የሚል የሴት ስም ይወጣል፤ ትርጉሙ ያው የአምላክ ስጦታ ነው። ይሁን እንጂ ልጅቱ አንደኛ ክፍል በገባች በሳምንቷ የጓደኞቿ አፍ ከስሟ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ፊደሎች ብቻ እንደሚያስቀር መገመት ነቢይነት አይጠይቅም። ጎጃም ደግሞ ኅብረ ቃል የሚፈለፈልበት አገር ነው፤ በቅኔ ያደገ ጆሮ በማንኛውም ስም ውስጥ ሰምም ወርቅም ያገኛል። ስለዚህ ስሙን ከመወሰን በፊት ለአንድ ቀልደኛ ዘመድ ነግሮ የሚለውን መስማት ይጠቅማል። ከአባት ስም ጋር አያይዞ ጮኽ ብሎ መጥራትም እንዲሁ፤ በ«ስ» የሚያልቅ ስም በ«ሰ» ከሚጀምር የአባት ስም ጋር ሲገናኝ ድንበሩ ይጠፋል።

ወደ ምዝገባ ሲኬድ ስሙን በወረቀት ላይ በትልልቅ ፊደል ጽፎ መያዝ ይገባል። በልደት ምስክር ወረቀቱ ላይ ስሙ በላቲን ፊደልም ስለሚሰፍር፣ መዝጋቢው በሰማው ከጻፈው በክትባት ካርዱ ላይ አንድ ዓይነት፣ በፓስፖርቱ ላይ ሌላ ዓይነት ሆኖ መገኘቱ አይቀርም። እኔ ለእህቴ ልጅ በአንዲት ቁራጭ ወረቀት ላይ ስሙን በግእዝ፣ በላቲንና በግሪክ ፊደል ጽፌ፣ ድምፅ የሚነሣበትን ፊደል አሥምሬ፣ ከሥሩም «ንብ» ብዬ ላክሁላት። ወረቀቷ ዛሬ ከልደት ምስክር ወረቀቱ ጋር በአንድ ፖስታ ውስጥ ተቀምጣለች።

የሕፃኗ ቅድመ አያት፣ ማለትም እናቴ፣ ስሙን ብዙ ጊዜ ሞክረው ከምላሳቸው አልገጥም ስላላቸው ትርጉሙን ወስደው «ንቤ» ይሏታል።